ግሥ የሌለው ሊቅ

የመምህር ሂልድሬድን ዘጠና ዘጠኝ የላቲን እንቆቅልሾች በመጽሐፍ የጻፍኳቸው እኔ ኦስላክ ነኝ። በሬዲጌ ገዳም ከመምህሩ ቀጥሎ ላቲን የሚያውቅ ማን ነው ቢባል ጣት የሚቀሰረው ወደ እኔ ነበር። ይህን የምለው ለመመካት አይደለም። እሺ፣ ትንሽ ለመመካት ነው። እንዲያም ሆኖ በአሥራ ሁለት ዓመት ውስጥ አንዲት እንቆቅልሽ እንኳ ከሰው ቀድሜ ፈትቼ አላውቅም። ሁልጊዜ የሚቀድመኝ ብራና ፋቂው ቲላ ነው።

ቲላ ሚስቱ ስትሞትበት ላሞቹን ለወንድሙ ትቶ በአርባ ዓመቱ የመነነ ገበሬ ነበር። ፊደል የቆጠረው እዚሁ እኛ ዘንድ ነው። ከፊደል አልፎ ንባብ ላይ ሲደርስ ግን ያስተማሩት ሁሉ ተስፋ ቆርጠው ቆዳ ወደሚዘፈዘፍበት የኖራ ጉድጓድ ሰደዱት። መዝሙሩን ከእኛ ጋር ያዜማል፤ ምን እያለ እንደሚያዜም እግዜር ይወቀው። በቆዳ ላይ ግን አቻ የለውም። እሱ የሠራውን ብራና ወደ መስኮት ከፍ ብታደርጉት የጣታችሁን ጥላ ታዩበታላችሁ። ችግሩ ሽታው ነው። ኖራና እርጥብ ቆዳ አንዴ ልብስ ውስጥ ከገባ ጸሎትም አያስለቅቀው። ስለዚህ ክረምት ከበጋ ገበታ ላይ የሚቀመጠው በሩ አጠገብ ነው። ማንም አላባረረውም። እሱ ራሱ "እናንተም ትንሽ ብሉ እንጂ" ብሎ ነው ወደዚያ የሄደው።

ልማዳችን እንዲህ ነበር። በዓመት ስምንት ዘጠኝ ጊዜ፣ በታላላቆቹ በዓላት፣ ከምሳ በኋላ መምህር ሂልድሬድ በትሩን ተደግፎ ይነሣና አዲስ የገጠመውን እንቆቅልሽ ያነብልናል። ሲጨርስ የጻፈበትን የብራና ቅጠል በሩ አጠገብ ካለችው ሚስማር ላይ ይሰቅለዋል፤ ብርሃን ያለው እዚያ ነው። ቀድሞ የፈታ ሰው ከአበምኔቱ እንስራ አንድ ዋንጫ የማር ጠጅ ይሸለማል። የቀረነው ጠላችንን ይዘን ጉሮሮውን እናያለን። በማግስቱ ቅጠሉ ወደ እኔ ይመጣና ወደ መጽሐፉ እገለብጠዋለሁ። መምህሩ ሁልጊዜ አንድ ትእዛዝ አለው፦ "የየስንኙን የመጀመሪያ ፊደል በቅጠሉ ላይ እንዳለው ትልቅ አድርገው፤ ቀይ ይሁን። አደራ ኦስላክ፣ ቀይ።" ሽማግሌ ቀይ ይወዳል ብዬ እጽፋለሁ።

አንድ የጰራቅሊጦስ ዕለት ያነበበልን ትዝ ይለኛል። "አፌ ሰፊ ነው፣ ጥርስ ግን የለኝም። እሳት እጎርሳለሁ፣ አመድ እተፋለሁ። ነጭ ሆኖ የገባብኝ ጠቁሮ ይወጣል። በብርድ ጊዜ ሁሉም ይከበኛል፣ የሚያቅፈኝ ግን የለም።" ከዚህም በላይ ነበረው፤ ስድስት ስንኝ ነው። እኔ ብድግ አልኩና "ሲኦል ነው" አልኩ። ከነቢያት እየጠቀስኩ ማስረዳት ጀመርኩ። ሁለተኛው ጥቅስ ላይ ሳለሁ ከበሩ በኩል አንድ ቃል መጣ።

"ፎርናክስ" አለ ቲላ።

ቤቱ ተንጫጫ። ፎርናክስ፣ የዳቦ መጋገሪያ ምድጃ ነው። አንዱ ለሌላው በቋንቋችን "አየህ፣ እሳት የሚጎርሰው፣ ነጭ ሊጥ ገብቶ..." እያለ ያስረዳል። ወጥ ሠሪው ደግሞ ወደ እኔ ዞሮ "ለመሆኑ ሲኦልን በብርድ ጊዜ የሚከበው ማን ነው፣ ወንድም ኦስላክ?" አለኝ። ቲላ እንዲያብራራ ሲጠየቅ እንደ ልማዱ "እናንተ ታውቁት የለ" ብሎ ዋንጫውን ተቀበለ። ሁልጊዜ አንድ ቃል ብቻ ነው የሚናገረው። ትሕትና መሰለን። ወንድሞች "ሊቁ" የሚል ስም አወጡለት። እኔ በበኩሌ አንጀቴ እያረረ ሳቅሁ።

መምህሩ ግን ይወደው ነበር። "በዚህ ዕድሜው ላቲንን ከእንቆቅልሽ የተማረ ሰው! ድካሜ ሜዳ ላይ አልቀረም" ይል ነበር።

ከዚያ ያ ክፉ ዓመት መጣ። በክረምት በሽታ ገብቶ ጥጆቹ አለቁ። ንጉሡ ደግሞ ትልቅ ወንጌል ይጻፍልኝ ብሎ አዟል። ብራና ከየት ይምጣ? አዲሱ ጳጳስ አባ ፕሌግዊን ለየገዳማቱ ደብዳቤ ላኩ፦ ለነፍስ የማይጠቅም መጽሐፍ ሁሉ ይፋቅና ብራናው ለወንጌሉ ይዋል፤ በሰኔ ለዮሐንስ በዓል እናንተ ዘንድ መጥቼ እለያለሁ። አበምኔቱ ደብዳቤውን ሲያነቡ ሁላችንም አንድ ሰው ነው ያየነው። መምህር ሂልድሬድ መቶኛዋን እንቆቅልሽ ሊጀምር ብዕር ቀርጾ ነበር። ብዕሩን አስቀመጠ። ፊቱ የሰም ቀለም መሰለ።

ከዚያ ቀና አለ። "ማስረጃ አለን" አለ። "ጳጳሱ እንቆቅልሽ ምን ይጠቅማል ቢሉ ቲላን እናሳያቸዋለን። ማንበብ ያቃተው ገበሬ በዚህ መጽሐፍ ላቲን ተማረ እንላለን።" ለጳጳሱም እንደዚሁ ተጻፈላቸው። መልሳቸው አጭር ነበር፦ ሰውየውን እፈትነዋለሁ።

በዓሉ ሦስት ቀን ሲቀረው ቲላ ወደ መጻፊያ ቤቴ መጣ። ገብቶ አያውቅም። ከደጃፍ ቆሞ ቆቡን እየጠመዘዘ "ወንድም ኦስላክ፣ ጉድ ፈልቷል" አለኝ።

"ምን ሆንክ?"

"ላቲን አላውቅም።"

ሳቅሁ። እሱ አልሳቀም።

"ዘጠና ዘጠኝ ጊዜ ጠጄን ጠጥተህብኝ ላቲን አላውቅም ትለኛለህ?"

"እንዴት ልወቅ? ስንኙ ለኔ የጉንዳን ሰልፍ ነው። እኔ የማነበው ቀዩን ነው።"

"የቱን ቀይ?"

ገብቶ የመምህሩን መጽሐፍ ከፈተና ወፍራም ጣቱን ከዳር አሳረፈ። ከላይ ወደ ታች ወረደ፤ ኤፍ፣ ኦ፣ ኤር፣ ኤን፣ ኣ፣ ኢክስ። ገጹን ገለጠ። ኤን፣ ኢ፣ ኢክስ፤ ኒክስ፣ በረዶ። ገለጠ። ኣ፣ ፔ፣ ኢ፣ ኤስ፤ አፒስ፣ ንብ። በእጄ የጻፍኳቸው ፊደሎች ናቸው። በቀይ፣ በትልቁ፣ ብዕሬን ሁለት ጊዜ ነክሬ። ዘጠና ዘጠኝ ጊዜ መልሱን ቁልቁል ጽፌ ዘጠና ዘጠኝ ጊዜ አላየሁትም። መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ።

"ትርጉሙንስ በምን ታውቃለህ?" አልኩት።

"አላውቅም። ቃሉን እልና ዝም እላለሁ። እናንተ ትንጫጫላችሁ፣ 'አሃ፣ ምድጃ!' ትባባላላችሁ። ያኔ ምን እንዳልኩ ይገባኛል።"

"ለማን ነግረሃል?"

"ምን ይነገራል?" አለ ግራ ገብቶት። "ሁላችሁም የምታውቁ መስሎኝ ነበር። ስለ ሽታዬ አዝናችሁልኝ፣ ይሄ ምስኪን ጠጁን ይጠጣ ብላችሁ የምትተዉልኝ መስሎኝ ነበር። አሁን ግን የጳጳሱ እንቆቅልሽ ቀይ ባይኖረውስ? መጽሐፉ ቢፈረድበት የሚፍቀው እኮ የኔ ቢላዋ ነው፣ ኦስላክ። የመምህርን መጽሐፍ በኔ እጅ?"

ያን ጊዜ ቅናቴ ሁሉ ከውስጤ ወጥቶ ሄደ። ለመምህሩ እንንገረው እንዳንል፣ የሚመካበት ሊቅ ሊቅ አለመሆኑን ሲሰማ ልቡ ቀጥ ይላል ብዬ ፈራሁ። ስለዚህ ሞኝነት ሠራሁ፤ በሦስት ቀን ላቲን ላስተምረው ተነሣሁ። እሱ ቆዳ እየፋቀ፣ እኔ አፍንጫዬን ይዤ። "አሞ፣ እወዳለሁ። አማስ፣ ትወዳለህ" እለዋለሁ። "ማንን?" ይለኛል። "ማንንም! ግሥ ነው።" "ማንንም ካልወደደ ምኑን ወደደ?" በሦስተኛው ቀን ላቲኑ አልገባውም፤ እኔ ግን የቆዳ ማለስለስ ሥራ ገብቶኝ ነበር።

ጳጳሱ በጀልባ መጡ። ረጅም፣ ቀጭን፣ ቅንድባቸው የማይንቀሳቀስ ሰው ናቸው። የእንግዳ ማረፊያችን ገለባ ቁንጫ አለው፤ ከምሳ በፊት ጀምሮ አንገታቸውን ያክካሉ። እባብ መሰሉ ዓሣችን ከባሮ ሽንኩርት ጋር ተበላ፣ ገበታው ተነሣ። የመምህሩ መጽሐፍ ፊታቸው ተቀምጧል፤ አልከፈቱትም።

"ሊቁ የታል?" አሉ።

ቲላ ከበሩ አጠገብ ተነሣ። "ብራና ፋቂው ነኝ፣ አባታችን።"

"ይሸታል" አሉ ጳጳሱ።

"እኔ ነኝ፣ አባታችን። ዓሣው ጥሩ ነው።"

ሳቅ የሚያፍን ሰው ሳል ተሰማ። ጳጳሱ አልሳቁም። "አንድ እንቆቅልሽ እሰጥሃለሁ። ከፈታህ መጽሐፉ ይኖራል። ካልፈታህ ነገ ጠዋት አንተው ትፍቀዋለህ።" ብለው በጥሩ ላቲን፣ ሮም በተማሩት ላቲን፣ አሉ፦

"በሕይወቴ ሣር በላሁ፣ ሞቼ ቃል ተሸከምኩ። ቢላዋ ጠጉሬን ወሰደ፣ ላባ ምላስ ሰጠኝ። ትንፋሽ የለኝም፣ ከሞተ ሰው ግን መልእክት አደርሳለሁ።"

እኔ ወዲያው ገባኝ። ብራና ነው። ከምድር ፍጥረት ሁሉ ቲላ አብልጦ የሚያውቀው ነገር፣ ዛሬ ጠዋት እንኳ እጁ ላይ የነበረው ነገር! በላቲን ስለሆነ ግን ለሱ የንፋስ ጩኸት ነው። ወደ እጄ አየሁ፣ ወደ ጣሪያው አየሁ፣ ከንፈሬን ነከስኩ። ማንሾካሾክ አይቻልም፤ የጳጳሱ ዲያቆን ዓይኑን ከኛ ላይ አልነቀለም።

"ጽሑፉን ማየት ይቻላል?" አለ ቲላ።

ጳጳሱ የጻፉባትን የሰም ሰሌዳ ዲያቆኑ አመጣለት። ቲላ ጣቱን ከላይ አስቀምጦ በዳሩ ወደ ታች ወረደ። ቆመ። እንደገና ከላይ ጀመረ። ግንባሩ ተኮማተረ።

"አባታችን፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ። ይሄ ስሕተት ሳይኖርበት አይቀርም።"

ጳጳሱ ወደ ፊት ጎንበስ አሉ። "ምን አልክ?"

"ወደ ታች ሲነበብ 'ቭምክት' ነው የሚለው። እንዲህ የሚባል ነገር ደግሞ የለም።"

"እንቆቅልሽን ወደ ታች የሚያነብ ማን ነው?"

ቲላ ወደ መምህሩ አየ፣ ከዚያ ወደ እኔ፣ ከዚያ ወደ መሬት። "እኔ ነኝ፣ አባታችን። ወደ ጎን ማንበብ አልችልም። ላቲን አላውቅም። የዳሩን ቀይ ፊደል ቁልቁል እያነበብኩ ነው አሥራ ሁለት ዓመት ጠጅ የጠጣሁት። ሊቅ አይደለሁም። መምህርን አታለልኩ፤ ይቅር ይበሉኝ።"

ወደ መምህሩ ለማየት ፈራሁ። እንደ ፈራሁም አየሁት። በትሩን ይዞ ተነሥቶ ነበር።

"ቲላ" አለ። "የዳሩን ፊደል ታየዋለህ?"

"አያለሁ፣ መምህር።"

"ሁሉንም?"

"ዘጠና ዘጠኙንም።"

መምህሩ ቁጭ አለና ፊቱን በእጅጌው ሸፈነ። ትከሻው ተንቀጠቀጠ። አለቀሰ ብለን ሁላችንም ተነሣን። እጅጌውን ሲያነሣ ግን እንባው እየወረደ ይስቅ ነበር፤ ሽማግሌ እንዲያ ሲስቅ አይቼ አላውቅም።

"በኢክስ የሚጀምር ቃል ፍለጋ" አለ ትንፋሽ እያጠረው፣ "ለፎርናክስ መጨረሻ፣ አንድ ሙሉ ዐቢይ ጾም ፈጀሁ። በላቲን በኢክስ የሚጀምር ቃል ስንት ያለ መሰላችሁ? እንደ ቃርሚያ ለቅሜ ነው ያገኘሁት። በዳር አስቀመጥኩት፣ በቀይ አስጻፍኩት። ብነግራችሁ እንቆቅልሽነቱ ይቀራል፣ ዝም ብል ማንም አያየውም። አንድ ሰው ያያል ብዬ ጠበቅኩ። ሊቃውንቱ ሰሙት፣ ተከራከሩበት፣ ኦስላክ በገዛ እጁ ጻፈው፣ አላዩትም። ሞቼ የሚቀበር ድካም መስሎኝ ነበር። ለካ ከመጀመሪያዋ ቀን ጀምሮ ታይቷል!" ዞር ብሎ ወደ በሩ እጁን ዘረጋ። "ምኑን አታለልከኝ፣ ልጄ? አንባቢዬ አንተ ብቻ ነህ።"

እኔም አለቀስኩ። አልደብቅም።

ጳጳሱ እስኪበርድልን ጠበቁ። "ደስታችሁ ደስ ይላል" አሉ። "ነገር ግን መጽሐፉ ላቲን ያስተምራል ነው የተባልኩት። ሰውየው ላቲን አያውቅም።"

"ስም ግን አውቃለሁ፣ አባታችን" አለ ቲላ።

"የምን ስም?"

"መልሶቹን። ዘጠና ዘጠኝ ናቸው።"

ጳጳሱ ለመጀመሪያ ጊዜ ቅንድባቸው ተንቀሳቀሰ። መቅረዙን አመለከቱ። "ካንዴላ" አለ ቲላ። በሩን። "ፖርታ።" ጨዉን። "ሳል።" ዋንጫውን። "ካሊክስ።" በትረ ጵጵስናቸውን ከፍ አደረጉ፤ "ባኩሉስ።" ጣታቸውን አነሡ፤ "አኑሉስ፣ ቀለበቱን ከሆነ።" ፍጥነታቸው ጨመረ፣ የሱም ጨመረ፤ ጢሱ፣ ጣሪያው፣ ድመቷ። ወንድሞች ወንበር ላይ መቆም ጀመሩ። ጳጳሱ ድንገት እጃቸውን አንስተው አንገታቸውን አከኩ።

"ፑሌክስ" አለ ቲላ። ቁንጫ ማለት ነው።

"እሱን አልጠየቅኩህም" አሉ ጳጳሱ፤ ከንፈራቸው ግን ከድቷቸው ነበር። "እሺ። አሁን ድመቷ ምን እያደረገች እንደሆነ በላቲን ንገረኝ።"

ቲላ የዓሣ አጥንት የምትግጠዋን ድመት አየ። "ድመት" አለ በላቲን። ቀጥሎም "ዓሣ"። ከዚያ በቋንቋችን "ሌላውን እርስዎ ይጨምሩበት፣ አባታችን፤ ግሥ የለኝም" አለ።

ጳጳሱ ሳቁ። ሳቃቸው ከሰውነታቸው ጋር አይሄድም፤ ወፍራም ነው። ዓይናቸውን ጠርገው የራሳቸውን እንቆቅልሽ ደግመው አሉ፣ አሁን በእናታችን ቋንቋ፦ "በሕይወቴ ሣር በላሁ፣ ሞቼ ቃል..."

"ብራና ነዋ" አለ ቲላ።

"አልጨረስኩም።"

"ይጨርሱ፣ አባታችን።"

"ቢላዋ ጠጉሬን ወሰደ፣ ላባ..."

"እሱ ላይ ነው ስሕተቱ" አለ ቲላ። "ጠጉሩን የሚያላቅቀው ቢላዋ አይደለም፣ ኖራ ነው። ዘጠኝ ቀን ይዘፈዘፋል። ከዚያ ጠጉሩ በደነዘ ነገር ይገፋል። ስለት ያለው ቢላዋ የሚመጣው ከተወጠረ በኋላ ነው። ጠጉር ባለው ላይ ቢላዋ ቢያስገቡ ቆዳው ወንፊት ይሆንብዎታል።"

ጳጳሱ የሰም ሰሌዳቸውን ወሰዱና የብዕራቸውን ጠፍጣፋ ጫፍ አዙረው አንዱን ስንኝ ዳመጡት። "ኖራ" እያሉ አጉረመረሙ፤ "ኖራን በመጠኑ ላግባው..." ከዚያ የመምህሩን መጽሐፍ ወደ ራሳቸው ሳቡና ከፈቱት። ጣታቸውን ከዳር አሳርፈው ወረዱ። ገለጡ፣ ወረዱ። አንዳንዴ "ሃ" ይላሉ። የሠርክ ደወል ተደውሎ ተነሥተን ስንሄድ ዘጠና ዘጠነኛዋ ላይ ደርሰው ነበር።

"መቶኛዋ የታለች?" አሉ።

"ልጀምራት ስል ደብዳቤዎ መጣ" አለ መምህሩ።

"እንግዲያው ይጨርሷት። ኦስላክ የሚባለው ደግሞ ለኔም አንድ ይገልብጥልኝ። ቀይ ቀለሙን አደራ።"

ወንጌሉ በስተኋላ ከሌላ አገር በመጣ ቆዳ ተጻፈ፤ እሱ ሌላ ታሪክ ነው።

በነሐሴ፣ በእመቤታችን በዓል፣ መምህሩ መቶኛዋን ይዞ ተነሣ። አምስት ስንኝ ነበረች። "እጄ ኖራ ይሸታል፤ የነካሁት ግን መሠዊያ ላይ ያርፋል" ብላ ትጀምራለች፤ የቀረውን አልነግራችሁም፣ መጽሐፉን ፈልጉት። አንብቦ ቅጠሉን ሚስማሩ ላይ ሰቀለ። ምስጢሩ አሁን የአደባባይ ነው፤ ጨርሶ ሳይቀመጥ አርባ መነኩሴ ወንበር እየገለበጠ ወደ በሩ ሮጠ። ከፊት ያለው ግን ቲላ ነው። ቅጠሉ የተሰቀለው ከተቀመጠበት በላይ ነው።

ቀና ብሎ አየ። ጣቱን ከላይ አሳረፈ። ቴ፣ ኢ፣ ኤል፣ ኤል፣ ኣ። ጣቱን መልሶ ከላይ አስቀመጠና በጣም በዝግታ እንደገና ወረደ።

"ምነው ሊቁ፣ ንገረን እንጂ" አለው አንዱ።

"አላውቀውም" አለ ቲላ። ጢሙ ረጥቦ ነበር።

በትከሻው ላይ ተንጠራርቼ ቁልቁል አነበብኩ። ከዚያ በአሥራ ሁለት ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ፣ ከሁሉም ቀድሜ፣ ጮክ ብዬ መልሱን ተናገርኩ።

"ቲላ።"

አበምኔቱ ዋንጫውን ሞልተው ሰጡኝ። ግማሹን ጠጣሁ፤ እውነቱን ለመናገር ከግማሽ ትንሽ በለጥ አድርጌ። የቀረውን ለሱ ሰጥቼ አጠገቡ ተቀመጥኩ። ከዚያ ቀን ወዲህ ቦታዬ በር አጠገብ ነው። ብርሃኑ እዚያ ይሻላል።